ከካሜራ ፊት የተጠጣው ጠጅ

አሳባ ከተማ ገበያ ገብቶ ቃሪያ የሚከለከል ሰው አለ ቢባል ማን ያምናል? ኡዞአማካ ግን ተከልክላለች፤ ያውም ገንዘቧን በእጇ ይዛ።

ቀኑ ረቡዕ ነበር። ማክሰኞ ማታ «ቀይ ግቢ» በተባለው ድራማ ላይ ኦሊዳ ሆና የጣውንቷን ሾርባ ስትመርዝ አገር ምድሩ አይቷታል። በማግስቱ ገበያ እንዳትወጣ የሥራ ባልደረቦቿ ደጋግመው መክረዋት ነበር። እሷ ደግሞ አትሂጂ ሲሏት እግሯ የሚፈጥን ሴት ናት።

«ላንቺ አልሸጥም» አለች ቃሪያ ሻጯ፣ ሳህኖቿን በነጠላ ጨርቅ እየሸፈነች። «ያቺ ምስኪን ምን አደረገችሽ? ልጆቿ እንኳ አላሳዘኑሽም?»

«እማማ፣ ሴትየዋ እኮ ደህና ናት። አሁን ብደውልላት ታነጋግርዎታለች።»

«በሬሳ ስልክ አታስፈራሪኝ! ሂጂ ከፊቴ።»

ሰው መሰብሰብ ጀመረ። ዓሣ ሻጯ ከወዲያ ማዶ ሆና «እንኳን ቃሪያ ውሃም አትስጧት» አለች። ኡዞአማካ አልተነቃነቀችም። ከኋላዋ የቆመ አንድ ረጅም ሰው አንድ ሳህን ሙሉ ቃሪያ ገዛና፣ ሁሉም እያየው ዘወር ብሎ በእሷ ዘንቢል ውስጥ ገለበጠው።

«መርዙን በቃሪያ አትደብቂው፤ በደንብ ይታወቃል» አላት።

ሳቀች። ገበያተኛው ኦሊዳ እንደ ማንኛውም ሰው ስትስቅ አይቶ ግራ ተጋባ። ሰውየው ግን አልሳቀም፤ ዝም ብሎ አያት። ካሜራ ፊት ስንት ዓመት የቆመች ሴት በዚያ ዕይታ ፊቷን የምታዞርበት አጣች።

«አልፈራኸኝም?» አለችው።

«ሾርባ እስክትጋብዢኝ ድረስ ምን አስፈራኝ?»

ስሙ ዚማኮ ነበር። ድንኳንና ወንበር ያከራያል። በአሳባና በአካባቢዋ የሚዳር ሁሉ፣ የሚቀበርም ሁሉ በእሱ ድንኳን ሥር ያልፋል።

ኡዞአማካ ወደዚህ ሥራ የገባችው ከመምህራን ማሠልጠኛ አቋርጣ ነው። የመጀመሪያ ሥራዋ ትሪ ይዛ ገብታ «ጌታዬ፣ ምግብ ቀርቧል» ማለት ብቻ ነበር። ዋናው ተዋናይ አርፍዶ ስለመጣ ትሪውን ከጠዋት እስከ ምሽት ይዛው ዋለች፤ ትሪው ላይ ያለው ፉፉ የሚሉት ገንፎ ደርቆ ድንጋይ ሆነ። አባቷ ኦግቡኤፊ አኔኔ ይህን ሲሰሙ የትምህርት ቤት ርእሰ መምህር ነበሩ። «ኦግቡኤፊ» የሚለውን ማዕረግ የተቀበሉ የአገር ሽማግሌም ናቸው። «ልጄ ትሪ ተሸካሚ ሆነች» ብለው ለሁለት ዓመት አላነጋገሯትም።

ኦሊዳን የመሆን ዕድል ሲመጣላት ወደ መንደሯ ወደ ኡሙዶሬ ተመለሰችና አባቷ እግር ሥር ተቀመጠች። በመጀመሪያው ክፍል ኦሊዳ ስትዳር ይታያል፤ በአገሩ ወግ ሙሽራዋ የዘንባባ ጠጅ በቅል ዋንጫ ከአባቷ ትቀበልና በሕዝቡ መካከል ባሏን ፈልጋ ትሰጠዋለች። የሚጠጣው ባሏ ነው። ኡዞአማካ ቀረጻው በገዛ ግቢያቸው እንዲሆን፣ የኦሊዳን አባትም ራሳቸው አባቷ እንዲሆኑ ለመነቻቸው። እናቷ ከጓዳ «እሺ በላት እንጂ አንተ ሰውዬ» አሉ። እሺ አሉ።

በቀረጻው ቀን አዘጋጁ «አባባ፣ ከንፈርዎን ብቻ ያንቀሳቅሱ፤ ድምፁን በኋላ እንጨምረዋለን» አላቸው። ኦግቡኤፊ አኔኔ በጸሎት ተቆርሶ ለእንግዳ የሚታደለውን የኮላ ፍሬ አነሱ። አያት ቅድመ አያቶቻቸውን በስም ጠሩ፤ ልጃቸውን መረቁ፤ ከጠጁም ለሙታን ድርሻቸውን መሬት ላይ አፈሰሱ። ግቢው በሙሉ አለቀሰ። ኡዞአማካ ዋንጫዋን ይዛ ሄዳ ለኖንሶ ሰጠችው፤ ባሏን ሆኖ የሚጫወተው መልከ መልካሙ ኖንሶ ጠጥቶ ከንፈሩን ጠረገ። በአንድ ጊዜ ተቀረጸ። ሁሉም እድለኞች ነን አሉ።

ከጥቂት ዓመት በኋላ የድራማው ባለቤት ኪሳራ በዛብኝ ብሎ እጁን ሲያነሳ ኡዞአማካ መኪናዋን ሸጣ «ቀይ ግቢ»ን ገዛችው። ክፉ ሴት ሆና የምትጫወት እንዴት ሰው ታዛለች አሏት፤ ጆሮ ዳባ ልበስ አለች። በኪራይ ካሜራ ሠራች። የጎረቤት ጄኔሬተር እየጮኸ ሠራች። በየሳምንቱ ማክሰኞ ማታ አገሩ ሥራውን ጥሎ ኦሊዳን ሊረግም ይቀመጣል። ልጅ የላትም፤ ያ ድራማ ነበር ልጇ።

ዚማኮ ሾርባውን ተጋበዘ። ከዚያም ደጋግሞ ተጋበዘ። ብዙ የሚናገር ሰው አይደለም፤ እሷ ስታወራ ግን አንድ ቃል አይወድቅበትም።

ፍቅራቸው ዓመት ሳይሞላው እናቷ ሞቱ። የታላቅ እህቷ ባል ላም ጎትቶ፣ ከበሮ አስመትቶ፣ ወገኖቹን ሰብስቦ መጣ። በዚያ አገር አማቱን እንዲህ ያልቀበረ ሰው አማች አይባልም። ኖንሶ ሌጎስ ቀረጻ ላይ ነበርና በስልክ የአበባ ሥዕል ላከ። ዚማኮ ድንኳኑን ይዞ መጣ። ሬሳው ሊወጣ ሲል ዝናቡ ወረደ፤ ነፋሱ ድንኳኑን ሊነቅለው ታገለው። ዚማኮ የመሃሉን ምሰሶ አቅፎ ቆመ፤ ቀብሩ እስኪያልቅ ውሃ በእጅጌው እየገባ በሱሪው ይወጣ ነበር።

ማታ አባቷ «ያ ምሰሶ የያዘው ልጅ ማነው?» አሉ።

«ድንኳን አከራዩ ነው አባባ።»

«ሠራተኛ የለውም?»

«አለው።»

ኦግቡኤፊ አኔኔ ቀና ብለው ድንኳኑን አዩ። «እናትሽን ዝናብ አልነካትም» አሉ።

የሐዘኑ ጊዜ አልፎ ዚማኮ አጎቶቹን ይዞ በር ሊያንኳኳ፣ ልጅቷን ለጋብቻ ሊጠይቅ፣ ኡሙዶሬ መጣ። እንግዶቹ ጥሩ አቀባበል ተደረገላቸው። ኮላው በሳህን ቀረበ። ኦግቡኤፊ አኔኔ አነሱት፤ አገላበጡት፤ መልሰው አስቀመጡት።

«መቁረስ አልችልም» አሉ።

ኡዞአማካ ከጓዳ ወጣች። «ለምን አባባ?»

«እዚህ ግቢ ውስጥ ያንቺ ጠጅ ተጠጥቷል። አባቶቼን በስም ጠርቼ ለዚያ ልጅ ድሬሻለሁ።»

«ድራማ እኮ ነበር!»

«ለአንቺ ድራማ ነበር። እኔ ሌላ ጸሎት አላውቅም፤ ኮላ አንስቼ ስናገር ከልቤ ነው። ማዕረግ የያዘ ሰው በኮላ ላይ አይዋሽም። ዛሬ ዘወር ብዬ ያኔ ዋሽቼ ነበር ልበል?» ሳህኑን ወደ ጎን ገፋ አደረጉ። «ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው ልጄ። ያ ልጅ ራሱ በወገኖቼ ፊት ባሏ አይደለሁም ብሎ ጠጁን ይረከብ። ሌላ መንገድ የለኝም።»

የአባቷ ታናሽ ወንድም ማዚ ኦኮሊ፣ ሳይቀልዱ የማይውሉት፣ «እንግዲህ ልጃችን ሳናውቀው ባለትዳር ኖራለች፤ እኛም በነፃ ሰጥተናታል» አሉ። የሳቀላቸው አልነበረም። የዚማኮ አጎቶች ባርኔጣቸውን አንስተው ወጡ።

ኡዞአማካ በአባቷ መናደድ ፈለገች፤ አልቻለችም። ያን ቀን ከልባቸው መርቀዋታል። እሷስ ያን ምርቃት ውሸት ነበር እንዲሏት ትፈልጋለች?

ኖንሶን አግኝታ ነገሩን ነገረችው። ወንበሩ ላይ ተለጥጦ ሰማትና ዓይኑን በጨው አጥቦ «ታዲያ ሚስቴ ነሽ ማለት ነው?» አላት።

«አትቀልድ። መጥተህ አንዲት ቃል ለአባቴ ንገርልኝ።»

«እነግራለሁ። የ‹ቀይ ግቢ›ን ግማሽ በስሜ አድርጊልኝ። ያለ እኔ ኦሊዳ ማን ነበረች?»

«ትሪ ተሸካሚ ነበረች» አለችው ተነሥታ። «ተመልሼ ትሪ እሸከማለሁ እንጂ አንዲት ክፍሏን አታገኝም።»

ያን ምሽት ዚማኮ ጋ ሄደች። ወንበሮች ከተደረደሩበት መጋዘን ደጃፍ ላይ ተቀምጦ ሰማት።

«ማዘጋጃ ቤት ሄደን እንፈርም» አላት። «ሁለት ምስክር ይበቃል።»

«አልፈርምም።»

«ለምን?»

«ለውሸቱ ሠርግ መንደር ተጠርቶ፣ ለእውነተኛው በጓሮ በር ልግባ? እኔ ምንም አልሰረቅኩም ዚማኮ። አባቴ ግቢ፣ በቀን፣ ሰው ሁሉ እያየኝ ነው የማገባህ። አለበለዚያ አላገባም።»

አንገቱን ደፋ። 

«አጎቶቼ ሁለተኛ ሰው ቤት ሄደው አይዋረዱም» አለ። «እኔ እጠብቅሻለሁ፤ እነሱ ግን ሌላ ሴት መፈለግ ጀምረዋል። እስከ መቼ ልበላቸው?»

«አዲሱ የቦዬ ምርት እስኪደርስ።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ወይ አግብቼሃለሁ፣ ወይ እኔው ራሴ እድርሃለሁ።»

ሊስቅ ፈለገ፤ አልሆነለትም። እጇን ያዘ። እጁ ሻካራ ነበር፤ በዚያ ሻካራ እጅ ላይ ልቧ ተሰበረና አለቀሰች። ኦሊዳ ስታለቅስ አገር አይቷት ያውቃል፤ ኡዞአማካን ግን ያየ እሱ ብቻ ነው።

በነጋታው ተቀምጣ አዲስ ክፍል ጻፈች። ኦሊዳ ከባሏ ስትፋታ፤ አባቷ የጠጁን እንስራ ለባልየው ሲመልስ፤ ባልየውም ተቀብሎ ሲሄድ። ቀረጻው ኡሙዶሬ፣ አባቷ ግቢ። ለአባቷ አስቀድማ ሄዳ ነገረቻቸው።

«ያኔ በካሜራ ፊት የተደረገውን አባቶች ሰምተው ከሆነ፣ ይህንንም ይሰማሉ» አለቻቸው። «እርስዎ የማያምኑበትን አንዲት ቃል እንዲናገሩ አልፈልግም። የሚናገረው እሱ ነው።»

አባቷ ትክ ብለው አዩዋት። «እናትሽም እንዲህ ነበረች» አሉ። «እምቢ አላልኩም።»

ኖንሶ ጽሑፉን አንብቦ ሳቀ፤ ከመምጣት ግን አልቀረም። አገር የሚያየው ክፍል እንደሚሆን ያውቃል።

«በጽሑፉ ላይ ያለውን ይላል ብለሽ ነው?» አላት ዚማኮ።

«አይልም። ኖንሶ የተጻፈለትን ተናግሮ አያውቅም። ካሜራ ካየ ከራሱ ይጨምራል። እኔም ያንኑ ነው የምጠብቀው።»

አዲሱ ቦዬ ሊቆፈር ጥቂት ሲቀረው ቀረጻው ተጀመረ። ግቢው ሞላ፤ ኡዞአማካ ተመልካች ሆነው እንዲቀመጡ የጠራቻቸው የእናቷን ሬሳ የተሸከሙትን ወገኖቿን ነው። ድንኳኑና ወንበሩ የዚማኮ ነበር። ወንበር ሊያወርዱ ነው ተብሎ አጎቶቹም በጭነት መኪናው መጥተዋል፤ እንዲያው ወንበር ለማውረድ የበዓል ልብስና ቀይ ቆብ ለምን እንዳስፈለጋቸው የጠየቀ ሰው የለም።

ካሜራው መሥራት ጀመረ። ኦግቡኤፊ አኔኔ እንስራውን አነሡና ለኖንሶ ዘረጉለት።

ኖንሶ እንስራውን አየ። ካሜራውን አየ። ከዚያም በቀስታ መልሶ ገፋው።

«አልቀበልም» አለ። «ይህች ሴት በአባቶች ፊት ሚስቴ ናት። እስከ ሞት ሚስቴ ናት።»

ሕዝቡ አጉረመረመ። ረዳት አዘጋጁ ቀረጻውን ሊያስቆም አፉን ከፈተ፤ ኡዞአማካ ጣቷን አነሣችበት። ቀይ ቀሚሷን ሰብስባ ወደ ኖንሶ ተጠጋች። ፊቷ የኦሊዳ ነበር፤ ድምፁ ግን የራሷ።

«ባሌ ነህ?»

«ባልሽ ነኝ።»

«ይህ ሁሉ ሰው ይስማህ። ባሌ ነህ?»

«ስንት ጊዜ ልበል? ባልሽ ነኝ!»

«እናቴ ስትቀበር የት ነበርክ?»

ኖንሶ ዓይኑን አርገበገበ። እንዲህ ያለ ነገር በጽሑፉ ላይ አልነበረም።

«የእህቴ ባል ላም ጎትቶ መጣ» አለች። «ያንተ ላም የታለ? ከበሮ መቺህ የታለ? አማትህን አፈር ሲያለብሷት አንድ ጭብጥ አፈር ጥለሃል?»

 እዚያ የተቀመጡት ሁሉ ያን ዝናብ ያስታውሱታል። ኦግቡኤፊ አኔኔ እንስራውን መሬት ላይ አሳረፉና ቀና አሉ።

«እኔም ስጠብቅህ ነበር» አሉ፣ በዝግታ። «ለዚህ ቤት አንድ ቦዬ አምጥተህ አታውቅም። ልጅ ነው፣ ይማራል እያልኩ ዝም አልኩ። እንግዲህ አማቼ መሆንህን በራስህ አፍ ካልክ፣ የሚስቴን ቀብር ዕዳ አለብህ። ላሟን አምጣ። ከበሮውን አምጣ። ወገኖችህን ሰብስብና በመቃብሯ ላይ ቆመህ ይቅርታ በል። እስከዚያ ከዚህ ግቢ አትወጣም።»

ማዚ ኦኮሊና ጎረምሳ ልጆቻቸው ተነሥተው ወደ በሩ ሄዱ። ማዚ ኦኮሊ ወንበራቸውን ደጁ ላይ ገትረው ተቀመጡበትና «ላሟ ወፍራም ትሁን፤ ከቀብሩ ቀን ጀምሮ ጠብቀናታል» አሉ።

አሁን የሳቀ ሞልቷል። ኖንሶ ግን ላቡ በፊቱ ቀለም ላይ መስመር ሠራ። በሩን አየ። ካሜራውን አየ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ካሜራው ከለላ አልሆነውም።

«አባባ» አለ፣ ድምፁ ቀጥኖ። «ምን ሆነዋል? እኔ እኮ ተዋናይ ነኝ።»

«እና?»

«እናማ… ባሏ አይደለሁም። ድራማ ነበር! ተከፍሎኝ ነው የጠጣሁት።»

«ድገመው» አሉ ኦግቡኤፊ አኔኔ።

«ባሏ አይደለሁም!»

«አንተ አልክ፤ እኔ አላልኩም» አሉ ሽማግሌው። እንስራውን አንሥተው አስታቀፉት። «ጠጅህን ውሰድ።»

ኖንሶ እንስራውን ታቅፎ ወጣ። ማዚ ኦኮሊ ከመንገዱ ላይ ወንበራቸውን አንሥተው በክብር አሳለፉት።

 ኡዞአማካ ለቅጽበት የዚማኮን ፊት በሕዝቡ መካከል ፈለገች፤ አጣችው። ከዚያም ወደ ካሜራ ባለሙያው ዞረች።

«አጥፋው» አለች።

«እመቤቴ፣ ብርሃኑ ያማረው እኮ ገና አሁን ነው።»

«አጥፋው አልኩህ። የሚቀጥለው የቴሌቪዥን አይደለም።»

የፊቷን ቀለም በቀሚሷ ጫፍ ጠረገች። የዚማኮ አጎቶች ከጭነት መኪናው፣ ከወንበሮቹ ሥር፣ የራሳቸውን ጠጅ አወረዱ። ኮላው እንደገና በሳህን ቀረበ። ኦግቡኤፊ አኔኔ አነሱት፤ ይህን ጊዜ ቆረሱት። የቅል ዋንጫውን ሞልተው ለልጃቸው ሰጧት።

«ሂጂ» አሉ። «ባልሽን አሳዪኝ።»

ያኔ በአንድ ጊዜ የተቀረጸላት ሴት አሁን ዋንጫውን አዘንብላ ጠጁን በጣቶቿ ላይ አፈሰሰች። በወጉ መሠረት ወንዶቹ ከግራና ከቀኝ እጃቸውን እየዘረጉ «እዚህ ነኝ ውዴ!»፣ «እኔን አጣሽኝ?» እያሉ ቀለዱባት። ሁሉንም አለፈቻቸው። ዚማኮ ወንበር ላይ አልነበረም። ከድንኳኑ መሃል ምሰሶውን ይዞ ቆሟል፤ የዝናብ ጠብታ እንኳ በሌለበት።

ፊቱ ተንበረከከች። «ይወድቃል ብለህ ነው?» አለችው በሹክሹክታ።

«እጄን የማደርግበት አጥቼ ነው።»

ዋንጫውን ቀምሳ ዘረጋችለት። ምሰሶውን ለቀቀና ተቀበላት፤ አንድ ጠብታ ሳያስቀር ጠጣው። እጅ ለእጅ ተያይዘው አባቷ ፊት ተንበረከኩ። ኦግቡኤፊ አኔኔ እጃቸውን በሁለቱ ራስ ላይ ጫኑ። ያን ጊዜ በካሜራ ፊት ሳይደናቀፉ የጸለዩ ሰው፣ ዛሬ «እናትሽ…» ብለው ቀሩ። 

«ሰምታለች አባባ» አለ ዚማኮ።

ማክሰኞ ማታ አገሩ ኦሊዳ ስትፈታ አየ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ያየ የለም። ረቡዕ ጠዋት ኡዞአማካ ገበያ ወጣች።

ቃሪያ ሻጯ ከሩቅ አይታት ሳህኖቿን ገለጠች። «ያን ለፍላፊ አባረርሽው!» ብላ ዘንቢሏን ሞላችላት። ከዚያ ትዝ አላትና ፊቷ በሐዘን ተሸፈነ። «ግን ልጄ፣ ባል የሌላት ሴት ይህን ሁሉ ቃሪያ ምን ታደርገዋለች? ደግሞስ ከእንግዲህ ካንቺ እጅ ሾርባ የሚበላ ማን ይገኛል?»

ከኋላ የቆመው ረጅም ሰው ዘንቢሉን ከእጇ ተቀበለ።

«እኔ እበላለሁ» አላት።